ካልሲ የተጠለቀበት እጅ

ንጹሕ ካልሲ ሳሙና ሳሙና ሲሸተኝ ዛሬም ግራ እጄን ይበላኛል። በ2020 በኮሮና ምክንያት ካዚኖዎቹ ሲዘጉ፣ ከሆቴል ጽዳት ሥራዋ የተቀነሰችው አክስቴ ብርቄ ላስ ቬጋስ ያለው አፓርታማችን ገባች። እናቴ ሆስፒታል ሺፍት ስትገባ የቤቱ ሹም እሷ ነበረች። ግራኝ መሆኔ ያንገበግባታል። ምሳ በቀረበ ቁጥር ግራ እጄ ላይ ካልሲ ታጠልቅና ከወንበሩ ጋር ታስረዋለች፤ እናቴ ከመምጣቷ በፊት ትፈታዋለች።

«በግራ እየጎረስሽ ሰው ፊት ልታዋርጂን ነው?»

በቀኜ ስጎርስ ወጡ ጭኔ ላይ ይንጠባጠባል፣ እሷ ትስቃለች። ለዚያ ሳቋ እስከ ዛሬ ይቅር አላልኳትም።

አንድ ቀን የሥዕል አስተማሪያችን በዙም አጭር የጃፓን አኒሜሽን አሳየችን። ንግግር የለውም። አንድ ሰውዬ መንገድ ላይ ይሄዳል፤ መንገደኛው ሁሉ እሱን በየራሱ ዓይን እንደ አዲስ ይስለዋል፣ ፊቱም ይለዋወጣል። በመጨረሻ መስታወት ፊት ቆሞ የትኛው እሱ እንደሆነ ይጠፋዋል። የክፍል ጓደኞቼ አዛጉ። እኔ ግን መበቀያዬን አገኘሁ።

መታጠቢያ ቤቱን ቆልፌ፣ በዚያው በግራ እጄ፣ ትንንሽ ወረቀቶች ላይ አንዲት ሴት ሣልኩ። ልጅ ባሰረች ቁጥር አፏ ይሰፋል፣ ዓይኗ ይጠብባል፣ በመጨረሻ ፊቷ ጥርስ ብቻ ይሆናል። በስልክ እያነሳሁ አገጣጠምኩት። እሑድ የቤተ ክርስቲያናችን ልጆች በዙም ሥራቸውን ሲያሳዩ፣ ሽማግሌዎቹ ሁሉ ባሉበት ለቀቅኩት። ሰው ፊት ማለት ይሄ ነው አልኩ በልቤ።

ብርቄ እንባዋ እስኪፈስ ሳቀች።

«ውይ፣ ቁርጥ እናትሽን!» አለች፣ ማይኩ እንደተከፈተ። ሁሉም ተከትሏት ሳቀ።

እናቴ ከሥራ ገብታ፣ የሥራ ልብሷን እንኳ ሳታወልቅ አብራን እያየች ነበር። ቆይታ፣ ሳህን እያጠበች፣ «እኔ እንደዚህ ነው የማስፈራሽ?» አለችኝ።

«አንቺ አይደለሽም» አልኳት። ማን እንደሆነች ግን አልነገርኳትም፤ ብርቄ አጠገባችን ቆማ ሳህኑን ታደርቃለች። በማግስቱ እናቴ ሺፍት ስትገባ የምቀረው ከማን ጋር ነው?

ዛሬ ብርቄ ለብቻዋ ትኖራለች። በመጣች ቁጥር ሥዕሎቼን እያየች፣ «እጇ የተባረከ ነው፣ ከልጅነቷ ነው ያወቅኩላት» ትላለች። የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም። ያኔ የሚያቃጥለኝ ካልሲው ነበር፤ አሁን ግን እናቴ ናት። ከዚያች እሑድ ወዲህ ስትስቅ አፏን በእጇ ትሸፍናለች።

አዲስ አኒሜሽን ጀምሬአለሁ። ዘንድሮ ማንም እንዳይሳሳት፣ ከሴትዮዋ ፊት ሥር «ብርቄ» ብዬ እጽፋለሁ፤ በግራ እጄ።