ደሜን በብርሃን የለኩበት ቀን

ከነቀምቴ የወጣሁ ሌሊት እህቴ ደሚቱ አልተኛችም፤ እኔ ግን ተኛሁ። ጎህ ሲቀድ አውቶቡስ ተራ ድረስ ሸኝታኝ አለቀሰች። እኔ አላለቀስኩም፤ እስካሁንም አላለቀስኩም።

ይህ ጃንሆይ በዙፋን ሳሉ ነው። ልጄ ጫልቱ ጀርመን አገር ነርስ ናት፤ መውለጃዋ ደርሶ ከጎኗ ሰው ስላልነበራት ላርሳት መጣሁ። እዚህ ዝናቡ እንደ ወለጋ ዘንቦ አይወጣለትም፤ ከጠዋት እስከ ማታ ሲያካፋ ይውላል። ጎረቤት ደረጃ ላይ አግኝቶሽ «ከብቱ፣ ልጁ ደህና?» አይልም፤ በሩን ይዘጋል።

የመኖሪያ ፈቃድ ያለ ሐኪም ፊርማ አይሰጥም። ሐኪሙ ፊቴን አይቶ ደሟ አላማረኝም አለና ዩኒቨርሲቲው ላቦር፣ ደም መመርመሪያው ክፍል፣ ላከኝ። እዚያ አዲስ መሣሪያ አለ። ደሙ በውሃ ቀጥኖ እንደ ክር ይወርዳል፤ ሴሎቹ ተራ በተራ በብርሃን ፊት ያልፋሉ። ሴሉ ወደ ፊት የሚበትነው ብርሃን ከበዛ ትልቅ ነው፣ ካነሰ ትንሽ ነው ይላሉ።

ባለሙያው ሀንስ ወረቀቱን አየ። «ኦማ፣ አያቴ፣ ሴሎችዎ ትንንሽ ናቸው።» ጫልቱ ፊቷ ተለዋውጦ ተረጎመችልኝ። ትንሽ ሴል በሽታ ነው ማለት ነው፤ ሐኪሙ ካልፈረመልኝ ብቻዋን ልትወልድ ነው።

«ከምን ያነሱ?» አልኩት።

«ከፕላስቲክ እንክብል። መጠኗ የታወቀ ስለሆነ መሣሪያውን በእሷ አስተካከልነው።»

«ስማ፣ እኔ ነቀምቴ ገበያ ኑግና ጤፍ ስሸጥ ነው ያረጀሁት። አንድ ጣሳ ኑግና አንድ ጣሳ ጤፍ ሚዛን ላይ እኩል አይመዝኑም። ፕላስቲክና ደም በምን ተገናኙ? ያንተን ደም ከእኔ ጎን ለካ!»

«ሃርሜ፣ እናቴ፣ ተዪ በናትሽ፣ ያባርሩናል» አለችኝ ጫልቱ።

«ተርጉሚ!»

ሀንስ ሳቀ። «እኔ ጤነኛ ነኝ።»

«ታዲያ ምን ያስፈራሃል?»

እጅጌውን ሰበሰበ። የእሱም ሴሎች ከእኔዎቹ ጋር እዚያው ትንሹ ቦታ ላይ ወደቁ። ሁለቱን ወረቀቶች ጎን ለጎን አስተያየና፣ «ፕላስቲክ መጠኑ እኩል ቢሆን እንኳ ብርሃንን ከደም አብልጦ ይበትናል፤ ስለዚህ ጤነኛ ደምም ትንሽ መስሎ ይታያል። ስህተቱ የእኔ ነው» አለ።

«እንግዲያው ሁለታችንንም ከአገር ያስወጡን» አልኩት። ጫልቱ ይህን አልተረጎመችም።

ሐኪሙ ፈረመ፣ መሥሪያ ቤቱ ሽቴምፕሉን፣ ማኅተሙን፣ መታ። ጫልቱ አቅፋኝ ስታለቅስ እኔ ወረቀቱ እንዳይጨማደድ እይዝ ነበር።

ከፖስታ ቤት ነቀምቴ ደወልኩ። ደሚቱ በደብዳቤ ቀጠሮ ተይዞላት ስልክ ቤት ትጠብቅ ነበር።

«አካም ጅርታ፣ እንዴት ነሽ! ፈቀዱልሽ?»

«ፈቀዱልኝ።»

«እሰይ! እንግዲህ ጫልቱን አርሰሽ ለገና ትመጫለሽ፤ እንጠብቅሽ?»

ወረቀቱ የምቆየው ሦስት ዓመት ነው ይላል።

«ጠብቁኝ» አልኳት። የየትኛው ዓመት ገና እንደሆነ አልጠየቀችኝም፤ እኔም አልነገርኳት።