የደምመላሽ ሲኒማ

ወንድም ደምመላሽን ለሽማግሌዎቹ የጠቆምኩት እኔ ነኝ። ዛሬም ሳስበው በራሴ እናደዳለሁ።

ዲቪ ደርሶኝ ኦክላንድ ከገባሁ ሰባት ወር ቢሆነኝ ነው፤ በፈረንጆቹ 1998። የመጀመሪያ ሥራዬ አንዲት ትንሽ ሲኒማ ቤት ማጽዳት ነበር። በዚያ ሰሞን ስለ ሥራ አጦችና ሰው ስለሌላቸው ሰዎች የተሠሩ የጃፓን ፊልሞች በየቀኑ ከሰዓት ይታዩ ነበር። ደምመላሽ ከኋላ ረድፍ አይጠፋም። የመዘምራን መሪያችን! ቤተ ክርስቲያናችን ደግሞ ሲኒማን ከመጠጥ ቤት ለይታ አታይም። እኔ ጅሉ ነፍሱን ያዳንኩ መስሎኝ ከሽማግሌዎቹ አንዱ ለሆኑት ለጋሽ ቡልቻ ነገርኳቸው።

ያላወቅሁት፣ ሰውዬው ሚልፒታስ ካለው የኤሌክትሮኒክስ ፋብሪካ ሌይኦፍ ተደርጎ ከሥራ ከተሰናበተ አምስት ሳምንት ሆኖት ነበር። ለሚስቱ ለየወርቅውሃ አልነገራትም። አፍሮ በየጠዋቱ ወደ ሥራ እንደሚሄድ ሰው ለብሶ ይወጣል።

እሁድ ከፕሮግራም በኋላ ጋሽ ቡልቻ ባልና ሚስቱን ቢሮ ጠሩ። እኔም ምስክር ሆኜ ተቀመጥኩ። ነገሩ እውነት ከሆነ ከመዝሙር አገልግሎት እንደሚታገድ ነገሩት። ዓይኑን በጨው አጥቦ የሚክድ መስሎኝ ነበር፤ እሱ ግን አዎ ገብቻለሁ፣ እገዳውንም እቀበላለሁ ብሎ ተነሳ። ሥራ ማጣቱን ከመናገር ኃጢአቱን መናዘዝ ቀሎት ነበር።

የወርቅውሃ እጁን ይዛ አስቀመጠችው። በሥራ ሰዓት እንዴት ሲኒማ ቤት እንደተገኘ ጠየቀችው።

«ሺፍት ቼንጅ አድርገውብኛል፤ አልነገርኩሽም?» አላት። ላብ አጥምቆታል።

ጋሽ ቡልቻ ፊልሙ የብልግና እንዳይሆን ሰግተው ኖሮ ታሪኩን እንዲነግራቸው አዘዙ።

«ኧረ ንጹሕ ነው፣ ጋሼ» አለ ደምመላሽ። «ሰውዬው የመርከብ በያጅ ነው። መሥሪያ ቤቱ ተዘጋበት። ወደብ ዳር ይውላል፤ ሰው ያልፈዋል እንጂ አያየውም። ምሳ ሰዓት ሲደርስ የሚያውቀው ሰው እንዳያገኘው መኪናው ውስጥ ገብቶ፣ መስኮቱን ዘግቶ፣ ሚስቱ የቋጠረችለትን እበላለሁ።»

«ይበላል» ማለት ነበረበት። እሱ ራሱ አልሰማውም፣ ጋሽ ቡልቻም አልሰሙትም። ፊልሙ መጨረሻው ምን እንደሆነ ሊጠይቁት አፋቸውን ሲከፍቱ የወርቅውሃ በእጇ ከለከለቻቸው። እኔ መሬት ብትውጠኝ በወደድኩ።

ስለ ሲኒማውም ስለ ሥራውም አላነሳችም።

«ብቻህን ነው ስትበላ የከረምከው?» አለችው።

ደምመላሽ ያን ጊዜ አለቀሰ።