ጦርነት የተባለው ሰርግ

የፋይል ስም አላምንም። ማመን ያቆምኩት አሥረኛ ክፍል ጨርሼ እንጅባራ ያለው የወንድሜ ፊልም መጫኛ ሱቅ የገባሁ ጊዜ ነው። ያኔ ኔትወርኩ ገና ይንፏቀቅ ስለነበር ፊልም የሚደርሰን ከባሕር ዳር በሚኒባስ፣ በሃርድ ዲስክ ተሞልቶ ነው። ማን ከየት እንዳወረደው አናውቅም፤ ፈቃድ ብሎ የጠየቀም የለም። ስሙ ሌላ፣ ውስጡ ሌላ። ሌባና ፖሊስ አያለሁ ብለህ ስትከፍት ስለ ዓሣ ነባሪ ይተረክልሃል። ሲኒማ ቤት ተደብቆ የተቀረጸም አለ፤ ከፊት የተቀመጠው ሰውዬ ጭንቅላት የስክሪኑን ግማሽ እንደያዘ ፊልሙ ያልቃል።

ደንበኛ ሸሸ። ወንድሜ ሱቁን ዘግቶ ጫግኒ እህል ሊነግድ አሰበ። እኔ ደግሞ ቤት መቀመጥ አይሆንልኝም፤ ሱቁ እንዲዘጋ አልፈለግኩም።

የቀሩን ትልቁ ደንበኛ ጥሊሊ ቪዲዮ ቤት ያላቸው ሰውዬ ነበሩ። በገበያ ቀን ለገጠር ሰው ፊልም እያሳዩ፣ ከቴሌቪዥኑ ጎን ቆመው በአገውኛ ይተረጉማሉ። የፊልሙን ቋንቋ እሳቸውም አይችሉም፤ በዓይናቸው ያዩትን ነው የሚተረጉሙት። አንድ ቀን ተቆጥተው መጡ።

«አንቺ ልጅ! ጦርነት ብለሽ የሰጠሽኝ ሰርግ ነው!»

«ታዲያ ምን አደረጉ ጋሼ?»

«ምን ላድርግ? ገበያ መሐል ጦርነት ነው ብዬ ለፍፌያለሁ! ሚዜዎቹ ወታደሮች ናቸው፣ ሽጉጡ ከሱፉ ሥር ነው አልኳቸው። ተኩሱ ከምሳ በኋላ ነው አልኩ። ምሳው ላይ ፊልሙ ተቆረጠ!»

ወንድሜ በሳቅ ፈረሰ። እሳቸው አልሳቁም።

«ሰዉ ጦርነቱን ካላየን ብሎ ለሚቀጥለው ገበያ ቀጥሮኛል። ቀሪውን ካላገኘሽ ዳንግላም ሱቅ አለ።»

እንደወጡ ወንድሜ «በቃ እንዝጋው» አለኝ። «ስሙን የማታውቂውን ፊልም በምን ልትፈልጊው?»

«በሙሽራዋ» አልኩት።

ስም ማንበቡን ትቼ ያለንን ፋይል ሁሉ መሐል መሐሉን እየከፈትኩ አየሁ። ወንድሜ ዓይንሽ ይጠፋል ይለኛል፤ እኔ እከፍታለሁ። ሙሽራዋን የልጆች ካርቱን በሚል ስም ውስጥ አገኘኋት፤ በተቆረጠው ፊልም ላይ ያየሁትን ቀይ ቀሚስ ለብሳ ያው ምሳ ላይ ተቀምጣለች። እስከ መጨረሻው አየሁት። አንድም ጥይት የለም። ደወልኩላቸው።

«ጦርነት አለው?»

«ዱላ አለው። ድንኳን ይፈርሳል።»

«ማን ነው የሚጀምረው?»

«የሙሽራው እናት።»

«ጎሽ! አዛዣቸው እሷ ነበረች እላቸዋለሁ።»

ቀሪውን ሞልቼ ላክኩላቸው። በገበያው ማግስት ፍላሻቸውን በሚኒባስ መለሱ። ረዳቱ ሲሰጠኝ «ሌላ ሰርግ ትሙላልኝ፣ አማቷ ክፉ የሆነችበት፣ ብለዋል» አለኝ። ወንድሜ ሰማ። የሱቁን ቁልፍ ከኪሱ አውጥቶ ጠረጴዛው ላይ አኖረልኝና፣ ጫግኒ ለብቻው ወረደ።