የሻጯ ፀጉር

ያኔ ሠላሳ አራት ዓመቴ ነበር፤ ፀጉር ግን አልነበረኝም።

ልክ ለመናገር ጭራሽ አልነበረኝም ማለት አይደለም። ከጆሮዬ ከፍ ብሎ ትንሽ፣ ማጅራቴ ላይ ደግሞ በደንብ እንዳልተነጨ ዶሮ እዚህም እዚያም ብቅ ብቅ ያለ ነበረኝ። መሀል አናቴ ግን ጠባሳ ነው። ስለዚህ ሻሽ አስራለሁ። ሻሽ ማሰሩስ ባልከፋ፤ የፀጉር ቤት ባለቤት መሆኔ ነው የከፋው። መሳለሚያ ሁለት የፀጉር ማድረቂያ ካስክና ሦስት ወንበር የያዘች ጠባብ ቤት ነበረችኝ። ሙያውን ቁጭ አድርጎ ያስተማረኝ የለም፤ ከሰው ራስ ላይ አየሁ፣ ሞከርኩ፣ ቻልኩ።

የታሰርኩትም በዚሁ በፀጉር ምክንያት ነው። መርካቶ ውስጥ አንድ አስመጪ ድርጅት ፀጉር የሚያለሰልስ ክሬም ያከፋፍል ነበር። ሁላችንም ከእሱ ነበር የምንገዛው። አንድ የበዓል ዋዜማ የተቀባነው ክሬም ስንታጠብ ፀጉራችንን ይዞት ወረደ። የደንበኞቼን፣ መጨረሻ ላይ የተቀባሁትን የእኔንም። ዕቃው ላይ ያለውን ስቲከር በጥፍሬ ስልጠው ከሥሩ ሌላ ስቲከር አለ፤ የመጠቀሚያ ጊዜው ካለፈ ሰንብቷል።

ድርጅቱ ጋ ሄድን፤ "ብዙ አቆይታችሁት ነው" አሉን። ቢሮዎቹን ዞርን፤ "ጉዳዩ እየታየ ነው" አሉን። ሲታይ ሲታይ ወራት አለፉ። አንድ ጠዋት የተቃጠልነው ሴቶች የድርጅቱ ሱቅ በር ላይ ቆመን ሻሻችንን አወለቅን። መፈክር አልነበረንም። አንድ ተሸካሚ "ዞር በሉ! ዞር!" እያለ መጥቶ ራሳችንን ሲያይ ሸክሙን እንደያዘ ቆመ። ከኋላው የመጣውም ቆመ። በዚያ መንገድ ላይ ሰው ሲቆም አይቼ አላውቅም ነበር።

ፖሊስ ለመምጣት አልቆየም። ጊዜው ሦስት ሰው ተሰብስቦ ሲያወራ "ምንድነው?" የሚባልበት ጊዜ ነው። ሌሎቹን መክረው ለቀቋቸው፤ እኔን አስተባባሪ ናት ብለው አስቀሩኝ። ሕገወጥ ሰልፍ፣ ሁከት ማነሳሳት።

"ከጀርባሽ ማን አለ?" አለኝ መርማሪው።

"ከጀርባዬ ፀጉሬ ነበር ጌታዬ፤ እሱም የለም" አልኩት።

አልሳቀም። ጻፈው።

በጣቢያው ያለችው የሴቶች ክፍል አንዲት ብቻ ነች። በሩ ሲከፈት ቀድሞ የመጣብኝ ሽታው ነው፣ የበረኪናና ያልደረቀ ብርድ ልብስ። ቀጥሎ ያየሁት ፀጉር ነው። ከመስኮቷ ሥር፣ ብርሃን በምታርፍባት ብቸኛ ቦታ፣ አንዲት ልጅ ጀርባዋን ሰጥታ ታበጥራለች። ጥቁር፣ ወፍራም፣ እስከ ወገቧ። ማበጠሪያው ከአናቷ ገብቶ ከታች እስኪወጣ ድረስ ቆሜ ጠበቅኩት።

ዞር ስትል አወቅኳት። እሷም አወቀችኝና ማበጠሪያው ቆመ።

የድርጅቱ ሻጭ ናት። ባንኮኒው ኋላ ሆና፣ ያንን ፀጉር በትከሻዋ ወደ ፊት ጣል አድርጋ፣ "እኔም እኮ የምቀባው ይሄንኑ ነው፤ ይኸው እዪው!" እያለች የሸጠችልኝ እሷው ነች። የታሰረችውም በእኛ አቤቱታ ነው። ድርጅቱ ሲጠየቅ "ስቲከሩን የለጠፈችው ሠራተኛችን ነች፤ እኛ የምናውቀው ነገር የለም" ብሎ አስረከባት። ባለቤቱ ቢሮው ተቀምጧል፤ ሻጯና ከሳሿ አንድ ሰሌን ላይ።

"ከወዴት ነሽ ልጄ?" አሉኝ የክፍሉ ካቦ፣ የእስረኞቹ አለቃ። በቤት ክርክር ከጎረቤት ተደባድበው የገቡ ትልቅ ሴት ናቸው፤ ሁላችንም እማማ ነበር የምንላቸው።

"ከመሳለሚያ።"

"ሻሽሽን ፍቺው እስቲ።"

"ይቅርብኝ እማማ።"

"ቅማል ካለ ከአሁኑ እንወቀው ብዬ ነው። እዚህ የጋራ ነው።"

ፈታሁት። እማማ ትክ ብለው አዩኝና "በይ እሰሪው ልጄ፤ ቅማሉም ቢመጣ ማረፊያ የለው" አሉ። ሁሉም ሳቀ። እኔም ሳቅሁ፤ ከስንት ጊዜ በኋላ። ልጅቷ ብቻ ፊቷን ወደ ግድግዳው መለሰች።

ተናድጄባት ነበር ብል ያምርብኝ ነበር። ንዴት ወግ አለው። የእኔ ግን ቅናት ነው። እኛ ጫማችንን ስንንተራስ እሷ ፀጉሯን ጠቅልላ ትንተራሰዋለች። ጠባቂዋ ፖሊስ እንኳ እሷን "ቆንጆ" እያለች ነው የምትጠራት፤ እኔን "ባለሻሿ"። ጠዋት ስትነሳ ያ ፀጉር ሌሊቱን ሙሉ የተኛበት አይመስልም። እኔ ደግሞ እጄ ሳላዝዘው አናቴን ሲዳብስ አገኘዋለሁ።

አንድ ቀን አላስችል አለኝ።

"ስሚ፣ እውነት ያንን ክሬም ትቀቢው ነበር?"

"ኧረ አልቀባም።"

"ታዲያ ምንድነው የምትቀቢው?"

"ቅቤ።"

"ቅቤና ምን?"

"ቅቤ ብቻ፣ እትዬ።"

"እትዬ አትበዪኝ!"

ቅቤ! ሌላ ነገር ብትለኝ ይሻለኝ ነበር። እናቴ የምትቀባኝን፣ ሸተተ ብዬ በአሥራ አራት ዓመቴ የተውኩትን ቅቤ።

ከዚያ በኋላ ሳልጠይቃት መናገር ጀመረች። ለሥራው የቀጠሯት በፀጉሯ ነው። ብዙ ሴቶች ተሰልፈው ነበር፤ ባለቤቱ "እስቲ ዙሪ" አሏት፣ ዞረች፣ "ነገ ጀምሪ" አሏት። ባለቤቱን እስር ቤት ሆና እንኳ "ጋሼ" ነው የምትላቸው።

"ስቲከሩንስ?"

"ጋሼ ለጥፊ አሉኝ፣ ለጠፍኩ። ከበላዬ ቆመው ነበር።"

"ምን እንደሆነ አላወቅሽም?"

ማበጠሪያዋን ገልብጣ ገልብጣ አየችው። "አውቄያለሁ" አለች። "ቀን ማንበብ አያቅተኝም።"

በዋሸችኝ ብዬ ተመኘሁ። ብትዋሽ ኖሮ መጥላቱ ይቀለኝ ነበር።

ስንቅ በየቀኑ ይገባል። ለእኔ የሚያመጣልኝ ወንድሜ ነው፤ መርካቶ ጫኝና አውራጅ ነው፣ በሥራ ልብሱ እንዳለ ይመጣል። ለእሷ እጮኛዋ ነው የሚያመጣላት፤ ሁለት ሦስት ዓይነት ወጥ፣ አንዳንዴ ፍራፍሬ ሁሉ። ስንቅ የጋራ ስለሆነ የእሷንም እበላለሁ። የእሷ ይጣፍጣል። ይሄም አቃጠለኝ። በር ላይ ያለው ፖሊስ ምግቡን ያመጣውን ሰው "ቅመስ" ይለዋል፤ ሳይቀምስ ምንም አይገባም። ወንድሜ በየቀኑ ለእኔ ያመጣትን ሽሮ አንዴ ጎርሶ ነው የሚያስገባልኝ።

እማማ አንድ ቀን በበሩ ቀዳዳ እያዩት "ኧረ ጉድ ነው!" አሉ። "ሽሮ እንኳ ያመጣው ሰው ሳይቀምሳት አትገባም። ያንን መርዝ ያመጣውን ሰውዬ ግን 'መጀመሪያ የሚስትህን ራስ ቅባ' ያለው የለም።"

ልጅቷ ጉርሻዋን መልሳ ትሪው ላይ አስቀመጠች።

ቀናት አልፈው እንደገና ተጠራሁ። በዚህኛው ጊዜ መርማሪው ብቻውን አይደለም። አጠገቡ የድርጅቱ ነገረ ፈጅ ተቀምጧል፤ ቀጭን፣ ሽቶው ክፍሉን የሞላው። ማን ወንበር እንደሰጠው ጠየቅሁ በሆዴ። ለእኔ እስከዚያች ቀን ወንበር ተሰጥቶኝ አያውቅም፤ ያን ዕለት ተሰጠኝ።

"አንቺ መጥፎ ሰው አይደለሽም" አለ መርማሪው። "ቃልሽ ላይ አንድ ነገር ይጨመር። ሻጯ ስቲከሩን በራሷ ፈቃድ ስትለጥፍ አይቻለሁ በይ። ድርጅቱ ላይ ያቀረባችሁት አቤቱታ ይነሳል። የአንቺም ጉዳይ እዚሁ ይዘጋል። ዛሬ ቤትሽ ታድሪያለሽ።"

"ስትለጥፍ አላየሁም።"

"ማየቱ አይከብድም" አለ ነገረ ፈጁ ለስለስ ብሎ። "የእኔ እህት፣ ያታለለቻችሁ እኮ እሷ ነች። ያንን ፀጉሯን እያሳየች። እናንተ እንዲህ ሆናችሁ፣ እሷ ያንን ይዛ ስትቀመጥ አያናድድም?"

ሰውየው ልቤን የት እንደሚያገኘው ያውቅ ነበር። ያናድዳል። ያ ፀጉር ቅቤ አጥቶ፣ ውሃ አጥቶ፣ ዓመት ከዓመት በእስር ሲጎሳቆል ታየኝ። ደስ አለኝ፤ አልዋሽም። ቤቴ ታየኝ፣ አልጋዬ ታየኝ። አፌን ልከፍት ስል ጠረጴዛው ላይ ያለው እጄ ዓይኔ ውስጥ ገባ። በጥፍሮቼ ዙሪያ ክሬሙ የበላው ቆዳ ገና አልተመለሰም። የደንበኞቼን ራስ የቀባሁት በዚያ እጅ ነው። እነሱ እኔን አምነው ተቀቡ፤ እኔ እሷን አምኜ ገዛሁ፤ እሷ የቀጠራትን ሰውዬ ፈርታ ለጠፈች።

"የለጠፈው እጅ ጥፋተኛ ከሆነ የቀባውም ጥፋተኛ ነው" አልኩ። "እሷን ብቻ ከሆነ አልልም። እኔንም ጻፉኝ። ሁላችንንም ጽፋችሁ ስትጨርሱ አንድ ሰው ይቀራችኋል። እኛ የከሰስነው እሱን ነው።"

"እሱን ማምጣት የአንቺ ሥራ አይደለም" አለ መርማሪው።

"እኮ፤ የእናንተ ነው።"

ነገረ ፈጁ ቦርሳውን ዘጋ። "እንግዲህ ምርጫው የራስሽ ነው" አለኝና ወጣ። ወንበሩን ወዲያው ወሰዱብኝ።

ክፍላችን ስመለስ ለማንም አልተናገርኩም። ልጅቷ በማግስቱ ፍርድ ቤት ትቀርባለች። ማበጠሪያዋን ይዛ አጠገቤ መጥታ ቆመች።

"ሰብሰብ ብሎልኝ ብቀርብ ብዬ... ሹሩባ ትሠሪኛለሽ?"

እማማ ብርድ ልብሳቸውን ገልጠው አዩኝ። ክፍሉ በሙሉ አየኝ።

"ተቀመጪ" አልኳት።

በጉልበቶቼ መሀል ተቀመጠች። ያንን ፀጉር ስይዘው ከባድ ነበር፤ ሞቅ ያለ፣ እንደ ሕፃን የሚከብድ። ከፋፍዬ ያዝኩና መሥራት ጀመርኩ። ጠበቅ አድርጌ። ከሚያስፈልገው ትንሽ ጠበቅ አድርጌ።

"ያምማል?"

"ትንሽ።"

"ደግ።"

"አንቺ ልጅ!" አሉ እማማ፣ "ቅንድቧ አናቷ ላይ ወጣ እኮ!"

ትንሽ አላላሁላት። ግማሹን ስጨርስ ልጅቷ ዝቅ ባለ ድምፅ "ልቆርጠው አስቤ ነበር፤ ለእናንተ ብዬ" አለችኝ።

"እንዳትሞክሪው! የአንቺ ቢቆረጥ የእኔ አይበቅልም።"

"ታዲያ ምን ላድርግ?"

"ዳኛው ፊት ለጠፍኩ በይ። ማን እንዳዘዘሽም በይ። ሁለቱንም።"

"ፈራሁ።"

"ፍሪ። ፈርተሽ ተናገሪ።"

ሹሩባውን ማጅራቷ ላይ ሰብስቤ አሰርኩት። ክር ስላልነበረን ከሻሼ ጫፍ ቀድጄ አሰርኩበት። ከዚያ በፊት ፀጉር ቤቴም ሆነ ከዚያ ወዲህ ከሠራሁት ሁሉ ያንን የሚያህል ሹሩባ ከእጄ አልወጣም።

ተናገረች። ሁለቱንም። ባለቤቱ ተጠርቶ ቀረበ። ልጅቷ ስለለጠፈችው ተቀጣች፣ ግን ቀለል ብሎላት ወጣች። እኔም በዋስ ተለቀቅኩ፤ የእኔ ፋይል ምን እንደሆነ እስከዛሬ የነገረኝ የለም። ድርጅቱ ላይ ክርክሩ ረዘመ፣ ቀጠሮ ቀጠሮን ወለደ፣ መጨረሻ ላይ መቀጮ ከፈለ ተባለ። ሱቁ ታሸገ። የተቃጠልነው ሴቶች መቀጮው ለማን እንደተከፈለ አናውቅም፤ ለእኛ አይደለም።

ያቺን ልጅ አንዳንዴ ራጉኤል ቤተ ክርስቲያን አያታለሁ። አግብታ ወልዳለች። ነጠላዋ ሥር ያ ፀጉር አለ። ሰላም እንባባላለን፣ ልጇን እስማለሁ፣ ዓይኔ ግን ከነጠላዋ ጫፍ አይነሳም። የእኔ ዳር ዳሩ በቅሏል፤ መሀሉ እንደነበረ ነው። ታክሲ ውስጥ ፀጉረ ረጅም ሴት ከፊቴ ስትቀመጥ "ወራጅ አለ" ብዬ ቀድሜ የወረድኩበት ቀን አለ። ከዚያ ክፍል ተሻሽዬ የወጣሁ አይምሰላችሁ። እዚያ በይ የተባልኩትን አላልኩም፤ ይኸው ነው።

የሱቁ እሽግ ተነሥቶ በባለቤቱ ዘመድ ስም፣ በሌላ ታፔላ ተከፈተ። የመጀመሪያው የክሬም ጭነት መኪና ሲመጣ እኔ አልነበርኩም፤ ያዩ ሰዎች ናቸው የነገሩኝ። በዚያ መስመር ዕቃ የሚያወርደው የወንድሜ ቡድን ብቻ ነው፤ ሌላ ሰው ካርቶን አይነካም። ሾፌሩ ሸራውን ሊፈታ ሲወጣ ወንድሜ የመንገዱ ጠርዝ ላይ ተቀመጠ። ምን ሆንክ ሲሉት "ወገቤን አሞኛል" አለ። ጓደኞቹም እያዩት አጠገቡ ተቀመጡ፤ ሁሉንም ወገባቸውን አሟቸዋል። የሱቁ ሰው መጥቶ ለመነ፣ ዋጋ ጨመረ፣ ተሳደበ። አልተነሡም። ከሰዓት በኋላ መኪናው ሸራው እንደታሰረ ወደ ኋላ እየነዳ ወጣ። የት እንዳራገፈው አላውቅም። ቀጥሎ ለጎረቤት ሱቅ የሳሙና መኪና ገባ፤ ወንድሜ ተነሥቶ ሱሪውን አራገፈና ማውረድ ጀመረ።