የዘይቱና አውራ ጣት

ጀውሃ ላይ መኪናውን አቁሞ እትዬ ዘይቱና ቤት ምሳ ያልበላ ሾፌር ካለ፣ ያ ሰው የደሴን መንገድ ገና አልለመደውም። ምላሷ ሚጥሚጣ ነው፤ ሆዷ ግን ቅቤ። የራሷን ልጅ በአርባ ቀኑ ቀብራ፣ ጡቷ ሳይደርቅ፣ እናቱ በወሊድ የሞተችበትን የጎረቤት ልጅ ካሚልን አጥብታ አሳደገች። ሌላ ልጅ አላህ አልሰጣትም።

ይኸው ካሚል ነው እንግዲህ ጉድ ይዞባት የመጣው! አንድ ቀን በምሳ ሰዓት አንዲት የስድስት ዓመት ልጅ በፎጣ ጠቅልሎ በጓሮ በር ገባ።

«የጓደኛዬ ልጅ ናት፣ እማ። እህል እምቢ ብላለች። መኪናው ነዳጅ ቀድቶ እስኪመለስ አንድ ነገር አቅምሻት።»

ያ ረቢ! ሦስት ቀን ሙሉ በየሾፌሩ ስልክ ላይ ያየችው ፊት ነው፤ የዘፋኙ የባምላክ ልጅ ጸደንያ፣ አጋቾቿ አምስት ሚሊዮን ብር የጠየቁባት። መኪናው ከተመለሰ በረሃ ይዘዋት ይወርዳሉ። ከዚያ ወዲያ ማን ያገኛታል?

ልጅቷ «አባዬ ጋ ውሰጂኝ» ብላ የዘይቱናን ቀሚስ ጨበጠች። ዘይቱናም አውራ ጣቷን ማር ውስጥ ነከረችና አፏ ውስጥ አደረገችላት። ጸደንያ ጠባች።

ካሚል ክው አለ። የአገሩ ልጅ ነው፤ የማር ጣት ምን እንደሆነ ያውቃል።

«እማ፣ ምን አደረግሽ?»

«አጠባኋት! ሸሆቹ ያጽድቁት አያጽድቁት እኔ እንጃ፤ እናቶቻችን ግን ስንቱን ባዳ በዚህ ልጅ አድርገዋል። አሁን የጡት እህትህ ናት። በል ውሰድ፣ እህትህን ሽጣት!»

ውጭ የመኪና ጡሩንባ ተነፋ። ካሚል ወለሉ ላይ ቁጭ ብሎ ተንሰቅስቆ አለቀሰ። ዘይቱና ወደ ደንበኞቿ ሮጣ «ልጄን ሊነጥቁኝ ነው፣ ድረሱልኝ!» ብላ ጮኸች። ሾፌሩ ሁሉ ጉርሻውን ጥሎ ግር ብሎ ሲወጣ፣ መኪናዋ አቧራዋን አስነስታ ጠፋች።

ጸደንያን ፖሊስ ጣቢያ ያደረሳት ራሱ ካሚል ነው፣ በትከሻው ተሸክሞ። እዚያው እጁን ሰጠ፤ ተፈረደበትም። ዘይቱና «የሥራውን ነው ያገኘ» ትላለች፤ ግን እሑድ መጥቶ ስንቅ ሳትቋጥርለት ቀርታ አታውቅም።

በዓመቱ ባምላክ ሊያመሰግናት ልጁን ይዞ መጣ። ዕለቱ እሑድ ነበርና ጸደንያ ካሚል ጋ ካልሄድኩ ብላ ድርቅ አለች። አባትየው ብዙ አቅማማ፤ በመጨረሻ እሺ አለ።

እስር ቤቱ በር ላይ ጠባቂው «እትዬ ዘይቱና፣ ይቺ ደግሞ ለካሚል ምኑ ናት?» አለ።

ጸደንያ ቀና ብላ አየችውና፣

«እህቱ ነኝ» አለች።