ፀሐይ ላይ ውጡ! ለዶክተር ይሁኔ

"እውነት ነው ወይ?" እያላችሁ የምትደውሉልኝ፣ እውነት ነው። ሬሳውን ከአምቡላንስ ካወረዱት አንዷ እኔ ነኝ። እኔ ራሴ ግን እስካሁን አላመንኩም። ስልኬ በጠራ ቁጥር እሱ የሚጮህብኝ ይመስለኛል።

ዶክተር ይሁኔን ገደሉት። ዛሬ ከእንጅባራ ወደ ባሕር ዳር በሽተኛ ይዞ ሲመጣ፣ ዳንግላን አለፍ እንዳሉ አምቡላንሱ ላይ ጥይት አርከፈከፉበት። ማን እንደተኮሰ አትጠይቁኝ። እዚህ ኮመንት ላይ መጥታችሁ "የእናንተ ናቸው፣ የእነሱ ናቸው" የምትባባሉ ካላችሁ ብሎክ አደርጋችኋለሁ። ዛሬ ትዕግሥት የለኝም።

ለማታውቁት፣ ይሁኔ ቆሰበር፣ ማለትም እንጅባራ፣ ሆስፒታል የውስጥ ደዌ ሐኪም ነበር። እኔ ወደ ባሕር ዳር ሳልዛወር በፊት ነርስ ሆኜ አብሬው ሠርቻለሁ። ዕድሜውን ሙሉ የተጣላው ከሐሞት ቱቦ ጋር ነው። ሐሞትን ከጉበት ወደ አንጀት የምታወርደው ያቺ ቀጭን ቱቦ በጠጠር ወይ በወስፋት ስትደፈን ሰው ቢጫ ይሆናል፣ ገላውን ያሳክከዋል፣ መግል ከያዘች ደግሞ ያንቀጠቅጠዋል። ቶሎ ካልተከፈተች ይሞታል። እኛ አገር ግን ዓይኑ ቢጫ የሆነ ሁሉ "የወፍ በሽታ ነው" ይባላል። ክንዱን በጋለ ብረት ያቃጥሉታል፣ ቅጠል ጨምቀው ያጠጡታል፣ ሆስፒታል የሚያመጡት መቃዠት ሲጀምር ነው።

ይሁኔ በአምፖል የሰው ዓይን አይቶ አያምንም ነበር። "አምፖል ይዋሻል! ፀሐይ ላይ ውጡ!" ብሎ ይጮሃል። በሽተኛውን ግቢ ያወጣና የዓይኑን ቆብ ገልጦ ያያል። ከዚያ ሰው ሁሉ እየሰማ፣ በአዊኛ፣ ሰገራው ነጭ ነው ወይስ ቡናማ ብሎ ይጠይቃል። ሴቶቹ በነጠላቸው አፋቸውን ይዘው ይስቃሉ። ቄስም ቢሆን አይምርም። ነጭ ከሆነ ሐሞቱ አንጀት እየደረሰ አይደለም ማለት ነው፣ ስለዚህ ማወቅ አለበት፣ በቃ።

አባቴን ከጥሊሊ ያመጣሁለት ጊዜ አይረሳኝም። አባቴ ቢጫ ሆኖ፣ በቀኝ ጎኑ ሕመም ተጣጥፎ፣ ክንዱ ላይ የተቃጠለው ቁስል ገና እርጥብ ነበር። ይሁኔ ቁስሉን ሲያይ ፊቱ ጠቆረ።

"ማነው እንዲህ ያደረገዎት?"

"ጎረቤቴ ነው። ለደግ ብሎ ነው እኮ።"

"አምጡልኝ! ግንባሩን አቃጥዬ እኔም ለደግ ነው እለዋለሁ!"

እኔ መሬት ተሰንጥቃ ብትውጠኝ ደስ ባለኝ። እሱ ግን ወዲያው የአልትራሳውንዱን ስክሪን ወደ አባቴ አዞረው። "ይዩት አባባ። ይቺ ክር የምትመስለው ወስፋት ናት። ከአንጀት ወጥታ ሐሞት ቱቦዎ ውስጥ ገብታለች።" አባቴ አንገቱን አስግጎ ሲያይ ተንቀሳቀሰች። ደነገጠ። "በጥይት አትመታም?" አለ። ይሁኔ ከት ብሎ ሲስቅ ያየሁት ያን ቀን ብቻ ነው። "በክኒን ነው የምንመታት" አለው።

መታት። አባቴ ዘንድሮም ድንቹን ራሱ ነው የኮተኮተው።

ዛሬ ጠዋት ደወለልኝ። ኔትወርኩ ይቆራረጣል። "አንቺ ልጅ፣ ከአዘና የመጣች እናት አለችኝ፣ እናኑ ትባላለች። ቱቦዋ በጠጠር ተደፍኖ መግል ሞልቷል። እዚህ የሚከፍትልኝ የለም። ዛሬ ካልተከፈተች አትተርፍም። ኦፕሬሽን ክፍል አስይዢልኝ።"

"ዶክተር፣ መንገዱ ጥሩ አይደለም፣ ሌላ ሰው ላክ" አልኩት።

"ማንን? የማንን ልጅ ልላክ?" ብሎ ጮኸብኝና ዘጋው።

ሹፌሩ እያለቀሰ የነገረኝ ይሄ ነው። ጥይቱ ከጎን መጣ። መስታወቱ ረገፈ። ይሁኔ እናኑ ላይ ተደፋባት፣ ሆዱን መቱት። ሹፌሩ "ዳንግላ ቅርብ ነው፣ ልመለስ፣ ደምህ እያለቀ ነው" ሲለው፣ "ብትዞር እገድልሃለሁ! ዳንግላ ለእኔ ነው የሚሆነው፣ ለእሷ አይሆንም! ንዳ!" አለው። ሹፌሩ ነዳ። ባሕር ዳር ሳይደርሱ ድምፁ ጠፋ።

በሩን ስንከፍት ደሙ ወለሉን አልፎ ደረጃው ላይ ወርዷል። እናኑ በእሱ ደም ተነክራ "እሱን አንሡት፣ እኔን ተዉኝ" ትላለች። የእሷም ክንድ ተቃጥሏል። ጮህኩ። የተኮሰውን ረገምኩ፣ ያቃጠላትን ረገምኩ፣ እግዚአብሔርንም ሳልናገረው አልቀረሁም። ከዚያ እጄን ታጥቤ ኦፕሬሽን ክፍል ገባሁ።

ቱቦዋ ተከፈተ። ጠጠሩ ወጣ፣ መግሉም ከሐሞቱ ጋር ተደባልቆ ፈሰሰ። ቀዶ ሐኪሙ ማስኩን ሲያወልቅ "መንገድ ላይ ተመልሰው ቢሆን አትደርስም ነበር" አለ። ግድግዳውን ይዤ አለቀስኩ።

ይሁኔ፣

ነገ ቆሰበር ይቀብሩሃል። እኔ አልመጣም። ከወዳጅ ቀብር መቅረት እኛ ዘንድ ምን እንደሆነ ታውቃለህ፣ እናትህም ታዝንብኛለች። መንገዱን ፈርቼ አይደለም። እናኑ ገና ትኩሳቷ አልለቀቀም፣ ሆዷ ላይ የተተከለውን የሐሞት ማፍሰሻ ጎማ የምጠብቅ እኔ ነኝ። ለሌላ ሰው ትቻት ብመጣ ከሬሳ ሳጥንህ ተነሥተህ ትጮህብኛለህ።

ዓይኗን ዛሬ አላየሁትም፣ አምፖል ይዋሻል ብለሃል። መቀመጥ ስትችል በዊልቸር ግቢ አወጣታለሁ። ቆቡን ገልጬ አይልሃለሁ። ሰገራዋንም እጠይቅልሃለሁ፣ ሰው ይስማ አይስማ ግድ የለኝም።

ደህና ሁን ወንድሜ። በቃ አሁን አትጩህ። ደርሳለች።