ሰው ጥሎ የማያልፍ ጋሪ

ባለፈው ወር የልጅ ልጄ ከአዲስ አበባ ሊጠይቀኝ መጥቶ ሮቤ ውስጥ አዲስ የተከፈተ ሆቴል ምሳ ጋበዘኝ፤ በሩ ላይ አንድ የጋሪ መንኮራኩር ነጭ ቀለም ተቀብቶ፣ በዘንጎቹ መካከል አበባ ተተክሎበት ቆሟል። አስተናጋጁ «እማማ፣ ይኼ በጃንሆይ ጊዜ የነበረ ጥንታዊ ዕቃ ነው» እያለ ሊያስረዳኝ ሲጀምር፣ ጥንታዊውን ዕቃ በዕድሜ ሳልበልጠው እንደማልቀር ለመናገር አፈርኩ። ጎንበስ ብዬ ብረቱ የሚገባበትን መካከለኛውን ቀዳዳ ሳሸተው ግን፣ የቀቢው ብሩሽ እዚያ ድረስ አልገባ ኖሮ፣ የበግ ሞራ ሸተተኝ፤ ጋሪው እንዳይጮህ በየሳምንቱ ይቀባ የነበረው ያው ሞራ።

ምሳ ላይ የልጅ ልጄ በስልኩ ፎቶ እያሳየ፣ በውጭ አገር ከተሞች መንገድ መካከል በሐዲድ ይሄዱ ስለነበሩ፣ መኪና ሲበዛ ግን ሐዲዳቸው ተነቅሎ ስለጠፉ ባቡሮች ያወራኝ ጀመር፤ የከተሞቹ ሰዎች እስከ ዛሬ ይቆጫሉ አለኝ። እኛም ነበረን አልኩት። ሳቀ፤ ልጅ ነውና አልፈረድኩበትም፤ ነገር ግን እየቀለድኩ አልነበረም።

የእኛ ሐዲድ ጭቃ ነበር። በዝናብ ጊዜ መንኮራኩሮቹ የቆፈሯቸው ሁለት መስመሮች ፀሐይ ሲወጣ ደርቀው ስለሚጠነክሩ፣ ከሮቤ ገበያ ተነሥቶ አንዴ እነሱ ውስጥ የገባ ጋሪ ቢፈልግም ባይፈልግም ጎባ መድረሱ ነው፤ ከፊት አንድ በሬ ቢተኛ እንኳን በሬው ይነሣል እንጂ ጋሪው ዞሮ አያልፍም። ዐሥራ አንድ ጋሪዎች ነበሩ፤ ሁለቱ ወደ ወፍጮው፣ ሁለቱ በዲንሾ በኩል እስከ ወንዙ፣ የቀሩት ወደ ጎባ። ፌርማታ የሚለው ቃል ገና አልደረሰንም ነበርና «ማቆሚያ» ነው የምንለው፤ እያንዳንዱም ማቆሚያ ስም ነበረው፤ ገበያው፣ ድልድዩ፣ ሁለቱ ድንጋዮች፣ ኮሶው፣ ደግሞ «የሴትዮዋ ቤት» የሚባል ነበር፤ ሴትዮዋ ማን እንደሆነች የሚያውቅ አልነበረም፤ ቤትም አልነበረም።

አያቴ ባሌን ሊይዝ ከሸዋ ከዘመተው ጦር ጋር መጥተው ጎባ ኮረብታ ላይ ከሰፈሩት አንዱ ናቸው። ይህ ነገር በቤታችን «አገር ማቅናት» ነው የሚባለው፤ አገሩ የቀናበት ሰው ምን ብሎ እንደሚጠራው የጠየቀ ግን አላስታውስም። እኔ ልጅ ሳለሁ የሰፋሪው ልጆች ከኮረብታው እየወረዱ ሮቤ ሜዳ ላይ ቤት መሥራት የጀመሩበት ጊዜ ነበር፤ ቤታችን ከገበያው ጀርባ፣ ትምህርት ቤቱና መሥሪያ ቤቱ ሁሉ ጎባ። አባቴ የመሬት መሥሪያ ቤት ጸሐፊ ስለነበረ ሳምንቱን እዚያው ዘመድ ቤት ያድራል፤ እኔ ግን በየጠዋቱ በኦቦ ከድር ጋሪ እየተመላለስኩ እማር ነበር።

ኦቦ ከድር ረጅም፣ ንግግራቸው አጭር፣ ሳቃቸው ከንግግራቸውም ያጠረ ሰው ነበሩ። ፈረሳቸውን ዳማን በአለንጋ ሲነኩት አይቼ አላውቅም፤ በኦሮምኛ የሆነ ነገር ያንሾካሹኩለትና ይሄዳል፤ እናቴ «ለሚስቱ ያልነገራትን ለፈረሱ ይነግረዋል» ትል ነበር። የጋሪዎቹ ሁሉ አባት እሳቸው ነበሩ፤ ሥራው ሲጀመር ባለጋሪዎቹን ጨፌው ላይ ሰብስበው፣ በአገሩ ወግ እርጥብ ሣር በእጃቸው አስይዘው፣ ማቆሚያ ላይ ቆሞ የሚጠብቅን ሰው ጥሎ ማለፍ ነውር ይሁን ብለው አስምለዋቸዋል። በዚያ ብርድ በሰው በሚቀልድበት ሜዳ ላይ የቀረ ሰው ሌላ ጋሪ ስለማያገኝ ነው መሐላው። ሞልቷል አይባልም፤ ጠጋ ጠጋ ይባላል። ሀብታም፣ ድኻ፣ ሙስሊም፣ ክርስቲያን፣ ደመኛም ቢሆን ይጫናል።

ጨፌው ደግሞ የፈረሶቹ ሆድ ነበር፤ ከሮቤ ወጣ ብሎ፣ ውሃ የማይለየው፣ ዓመቱን ሙሉ የሚለመልም ሰፊ ሜዳ። ከአባት ከአያት ጀምሮ የጋራ ስለነበረ ወረቀት የሚባል ነገር አልነበረውም። እንግዲህ በዚያ ዓመት መሬት የሚለኩበትን ገመድ፣ ቃላዱን፣ የያዙ ሰዎች መጡና፣ ወረቀት የሌለው ሁሉ ባለቤት የሌለው ነው ተባለ፤ ጎባ የሚኖሩ አንድ ግራዝማችም ጨፌውን በማደሪያ፣ በደመወዝ ፋንታ፣ ይሰጠኝ ብለው አመለከቱ። ስማቸውን እተወዋለሁ፤ ልጆቻቸው ዛሬም ጎረቤቶቼ ናቸው። መሥሪያ ቤቱ ነገሩን ሊሰማ ለሰኞ ከሰዓት በኋላ ቀጠረ፤ ኦቦ ከድር በባለጋሪዎቹ ስም ቀርበው «ባለቤቱ እኛ ነን» እንዲሉ፣ ሦስት ጊዜ ተጠርተው ካልቀረቡ ግን መሬቱ ለአመልካቹ እንዲሰጥ። አመልካቹም ካልመጣ ነገሩ ለሌላ ቀን ይተላለፋል።

እሑድ ከምሳ በኋላ አባቴ ወደ ጎባ ሊመለስ ሲነሣ እንደ ሁልጊዜው ወደ ገበያው ማቆሚያ አልሄደም፤ የግራዝማች በቅሎ ተጭና ደጃችን ቆማለች። እናቴ በማን በቅሎ ነው ብላ ጠየቀችው። ግራዝማች ሮቤ ዘመድ ቤት እንዳሉና በቅሏቸውን እንዳዋሱት፣ ቀጠሮውም ወደ ሰኞ ጠዋት ሦስት ሰዓት መዛወሩን፣ ማስታወቂያው ትናንት በመሥሪያ ቤቱ በር ላይ መለጠፉን ድምፁን ዝቅ አድርጎ ነገራት። ለከድር ማን ነገረው አለችው። «የቤት ወሬ ከቤት አይውጣ» አለ፤ እሷን ሳይሆን እኔን እያየ።

ማምሻ ላይ ውሃ እንድቀዳ ተላክሁ። ኦቦ ከድር ወንዙ ዳር ቆመው ዳማን ያጥባሉ። ቀና ብለው አዩኝ፤ የምናገረው ያለኝ ሳይመስላቸው አልቀረም፣ እጃቸውን ከፈረሱ ጀርባ ላይ አንሥተው ጠበቁኝ። ነገሩ ምላሴ ላይ ነበር። አባቴን ፈራሁ፤ እውነቱ ይህ ነው፤ ሌላ ምክንያት ፈልጌለት አላገኘሁም። «እንደምን አመሹ» ብዬ እንስራዬን ይዤ ተመለስኩ።

በነጋታው ገና ማለዳ ተሳፈርን፤ እኔ እንደ ልማዴ ከኦቦ ከድር ጎን፣ ከኋላ አንድ ከዲንሾ ገብስ ይዞ የመጣ ነጋዴና ሁለት የትምህርት ቤት ልጆች። ጉሙ ሜዳው ላይ ተኝቷል፤ የዳማ ትንፋሽ እየጨሰ ይሄዳል። ድልድዩን አለፍን፤ ዝም አልኩ። ሁለቱን ድንጋዮች አለፍን፤ ዝም አልኩ። ኦቦ ከድር ከሰዓት በኋላ ስለሚለብሱት ነጭ ጋቢ ለነጋዴው ይነግሩታል፤ ሚስታቸው አጥባ ሰጥታቸዋለች፤ ጎባ ሲደርሱ ሊለብሱት ጠቅልለው ከመቀመጫው ሥር አስቀምጠውታል። የጋቢውን ነገር ስሰማ አልቻልኩም።

«ኦቦ ከድር፣ ቀጠሮው ጠዋት ነው። ሦስት ሰዓት ላይ ነው የሚጠሩዎት።»

«ማን ነገረሽ?»

«አባባ ለእማማ ሲነግራት ሰምቼ።»

መቼ እንደሰማሁ አልጠየቁኝም፤ እኔም አልነገርኳቸው። ፀሐይዋን ቀና ብለው አዩ፤ ለዳማ ጎንበስ ብለው አንሾካሾኩለትና ፈረሱ ከሶምሶማ ወደ ግልቢያ አለፈ፤ ጋሪው ሲዘል የነጋዴው ገብስ መበተን ጀመረ፤ እሱ ግን ዞር ብሎም አላየው። ካልቆምን እንደርሳለን ብለን ሁላችንም በየሆዳችን አስልተናል። የሴትዮዋ ቤት ላይ ግን አንዲት ሸክላ ሠሪ ስድስት ማሰሮ ደርድራ ቆማለች። ኦቦ ከድር ልጓሙን ሳቡ። ማሰሮ እንደ ገብስ ተወርውሮ አይጫን ነገር፤ አንድ በአንድ በሣር እየተጠቀለለ ሲወጣ እኔ ጥፍሬን ጨረስኩት። ከዚያ ወዲያ መጋለብም ቀረ፤ ማሰሮው ይሰበራል።

ኮሶው ሲታየን ከሥሩ አንድ ሰው ቆሟል፤ ባርኔጣውን ከሩቅ አወቅነው። ከሮቤ ዘመድ ቤታቸው፣ እስከዚያ ብቻ በሚሄድ ሰው በቅሎ መጥተው የወረዱት ግራዝማች ነበሩ። ጋሪው ውስጥ ያለው ሰው ሁሉ ያለ አንድ ቃል ገባው፤ እሳቸው ካልደረሱ ነገሩ ዛሬ አይታይም። ነጋዴው ከኋላ የኦቦ ከድርን ትከሻ ያዘ።

«ይለፏቸው፤ ለዛሬ ብቻ። አላህም ይቅር ይላል።»

ኦቦ ከድር ልጓሙን እንደያዙ ጥቂት ሄድን። ፈረሱ እየቀረበ፣ ባርኔጣው እየተለቀ መጣ።

«ቆመዋል እኮ» አሉ። «ቆመው እያየኋቸው እንዴት ልለፍ?»

ግራዝማች እግዜር ይስጥልኝ ብለው ወጡና እኔ ተነሥቼ ቦታዬን ለቀቅሁላቸው። ጎባ መግቢያ ያለው ዳገት ላይ ፈረሱን ለማሳረፍ ሰው ሁሉ ወርዶ በእግሩ መሄዱ ልማድ ነው፤ ወረድን፤ ግራዝማች ግን ማዕረግ ያለው ሰው ከጋሪ ኋላ አይሄድም ብለው ነው መሰለኝ አልወረዱም። ኦቦ ከድር ዘንጉን በትከሻቸው ደግፈው ከዳማ ጋር ይስባሉ። ግራዝማች ከላይ ሆነው ስለ ገብሱ አዝመራ ጠየቋቸው፤ እሳቸውም እያለከለኩ በትሕትና መለሱ።

ገበያው ዳር እንደቆምን ግራዝማች ዘለው ወርደው ወደ መሥሪያ ቤቱ አቀኑ፤ መቶ እርምጃ ቢሆን ነው። ኦቦ ከድር ላብ ያጠመቀውን ፈረስ በዚያ ብርድ እንዲሁ ቢያቆሙት እንደሚሞት ያውቃሉና ያን የታጠበውን ጋቢ አውጥተው ዳማን አለበሱት፤ ሸክላ ሠሪዋ ማሰሮዎቿን ብቻዋን ማውረድ ስላልቻለች አንዱን ተቀበሏት፤ ሁለተኛውን እንደያዙ ስማቸው ከመሥሪያ ቤቱ በር ተጠራ። ጠሪው ሦስቱን ጥሪ በአንድ ትንፋሽ ጨረሰው። ማሰሮው ወድቆ ተሰበረ።

«ጂራ! አለሁ! ከድር አለሁ!» እያሉ ሮጡ፤ ገበያው ሁሉ ሰማቸው።

በሩ ላይ ሲደርሱ ግን «አልቀረበም» ተብሎ ተጽፎ ነበር። የጻፈው አባቴ ነው። ከደጅ የመጣ ድምፅ እንደ መቅረብ አይቆጠርም አሉ የመሥሪያ ቤቱ ሹሞች። ድምፁን ሰምቶ እንደሆነ አባቴን እስኪሞት ድረስ አልጠየቅሁትም፤ ከዚያ ቀን በኋላ ግን በኦቦ ከድር ጋሪ አልተሳፈረም።

በፋሲካ ግራዝማች ቤታችን መጥተው ጠላ ሲጠጡ የበቅሎዋን ነገር አነሡ። «ለጸሐፊው ሳውስ ምንም አልሰጋሁም፤ ከድር ጥሎኝ እንደማያልፍ አውቃለሁ፤ ታማኝ ሰው ነው» አሉ። የምር ማመስገናቸው ነበር።

ጨፌው ታርሶ ገብስ ተዘራበት። ፈረሶቹ በገለባ ከረሙ፤ በሁለተኛው ዓመት ከዐሥራ አንዱ ጋሪ አምስት ቀሩ፤ ዳማ አጥንቱ እስኪቆጠር ከሳና አንድ ጠዋት ከድልድዩ ወዲያ አልሄድም አለ። የጭነት መኪናው የመጣው ከዚያ በኋላ ነው፤ ሰው ግን ጋሪውን መኪና አጠፋው ይላል፤ የልጅ ልጄም እንደዚያ ነው የገመተው። ዛሬ ሚኒባሱ ጎባ በሃያ ደቂቃ ያደርሳል፤ አልክድም፣ ጉልበቴ ይወደዋል። ከሞላ ግን እጅሽን ዘርግተሽ ቆመሽ ጭቃ ረጭቶሽ ያልፋል፤ ማንም አያነውረውም።

ኦቦ ከድር ጋሪው ከቀረ በኋላ ብዙ ዓመት ኖሩ። ሠርጌ ላይ ሙክት ይዘው መጡ፤ እንግዳ ሁሉ ባለበት፣ አባቴም ተቀምጦ፣ እጃቸውን ራሴ ላይ ጫኑ። «ይቺ ልጅ» አሉ፣ «የገዛ ቤቷ ሲደብቀኝ እሷ እንደሰማች ወዲያው ነገረችኝ። የዘገየሁት እኔ ነኝ። ኢንታላ ኮ፣ ልጄ፣ እውነትሽ ለልጆችሽ ይትረፍ።»

አሜን አልኩ። በየበዓሉ ይኼንኑ ምርቃት እየመረቁኝ፣ እኔም አሜን እያልኩ ዓመታት አለፉ፤ ሲታመሙም ልነግራቸው ሄጄ፣ አልጋቸው አጠገብ ተቀምጬ፣ ስለ ጤናቸው ብቻ ጠይቄ ተመለስኩ። እሑድ ማታ ወንዙ ዳር ቆመው ሲጠብቁኝ እንዳለፍኳቸው ሳያውቁ ሞቱ።